በልደት ሰሞን የሚመጣው ሙቅ ውኃ

ጀርመናዊው ሊቅ አሌክሳንደር ፎን ሁምቦልት በ1802 እ.ኤ.አ. የሙቀት መለኪያውን በፔሩ የካያዎ ወደብ ውኃ ውስጥ በነከረ ጊዜ፣ አገሩ ለምድር ወገብ የቀረበ ሳለ፣ ያገኘው ሙቀት 16 ዲግሪ ገደማ ብቻ ነበር፤ ይኸውም ከደቡብ የሚነፍሰው ነፋስ የላዩን ውኃ ከጠረፉ እየገፋ ሲያርቀው፣ ቀዝቃዛው ውኃ ለዓሣው የሚሆነውን ሲሳይ ተሸክሞ ከቀላዩ ስለሚወጣ ነው።

በትንንሽ ጀልባ የሚመላለሱት የፔሩዋ የፓይታ ወደብ መርከበኞች ደግሞ፣ በልደተ ክርስቶስ ሰሞን ከሰሜን የሚወርደውን ሙቅ ውኃ በሕፃኑ ኢየሱስ ስም «ኤል ኒኞ» ይሉት እንደ ነበር፣ የመርከብ አዛዡ ካሚሎ ካሪዮ በ1892 እ.ኤ.አ. ለሊማ የጂኦግራፊ ማኅበር አስረዳ። ይህ ሙቀት በርትቶ በሰነበተ ዓመት የፔሩ ዓሣ አጥማጅ መረብ ባዶውን ይወጣል፤ በ2015 እ.ኤ.አ. እንዳየነውም የእኛ የክረምት ዝናም ይሳሳል። ስለዚህ የዚያን የሩቅ ባሕር ጠባይ ማወቅ ለኢትዮጵያ ገበሬም የሚበጅ ጥበብ ነው።