ምኒልክን ሆኖ የተወነው ናፖሊታዊ

ኤንሪኮ ግሎሪን የሚያውቅ ሰው ደሴና ኮምቦልቻ ላይ ፈልጎ ማግኘት ይከብዳል። በአገሩ በጣሊያንም ቢሆን ስሙን የሚያነሱት የድሮ ፊልም ወዳጆች ናቸው። ይሁን እንጂ የዚህ ተዋናይ ታሪክ በቦሩ ሜዳ በኩል ከእኛ ጋር ይገናኛል። ፋሺስት ጣሊያን አገራችንን በያዘችበት ዘመን፣ ዳግማዊ ምኒልክን ሆኖ በፊልም የተወነው እሱ ነውና። (ዘመኖቹ ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

ግሎሪ በ1901 ናፖሊ ውስጥ ተወለደ። በ1930ዎቹ ፊልም መሥራት ከጀመረ በኋላ ብዙ ጊዜ የሚሰጠው የክፉ ሰው ሚና ነበር። በ1941 ማሪዮ ካሜሪኒ የማንዞኒን ዝነኛ ልቦለድ ወደ ፊልም ሲመልሰው፣ የድሃ እጮኛሞችን ጋብቻ የሚያደናቅፈውን ጉልበተኛ ባላባት ዶን ሮድሪጎን ተጫወተ። በ1960 በወጣው የፌሊኒ «ላ ዶልቼ ቪታ» ውስጥም በአነስተኛ ሚና ታይቷል። በ1966 ሮም ላይ አረፈ።

እኛን የሚመለከተው ሥራው በ1939 የወጣው «አቡነ ማስያስ» ነው። አዘጋጁ ካይሮ የተወለደው ጎፍሬዶ አሌሳንድሪኒ ሲሆን፣ ፊልሙ በዚያው ዓመት በቬኒስ የፊልም ፌስቲቫል የሙሶሊኒን ዋንጫ ወስዷል። ታሪኩ በምኒልክ ቤተ መንግሥት ስለኖሩት የካቶሊክ ሚሲዮናዊ ስለ አባ ማስያስ ነው። ሚሲዮናዊውን ካሚሎ ፒሎቶ፣ ምኒልክን ደግሞ ግሎሪ ተጫወቱ። በርካታ ኢትዮጵያውያን አጃቢ ሆነው ተሰልፈውበታል። ልዕልቷን የተጫወተችው የአገራችን ሴት ስሟ የሰፈረው በጣሊያንኛ አጻጻፍ ተጣሞ «ቤርኬ ዛይቱ ታክሌ» ተብሎ ነው።

አሁን ወደ ፍሬ ነገሩ እንግባ። አጼ ዮሐንስና ምኒልክ በ1878 ልቼ ላይ ታረቁ። በዚያው ዓመት ከደሴ ቅርብ በሆነው ቦሩ ሜዳ የሃይማኖት ጉባኤ ተደረገ። የወሎው ኢማም መሐመድ አሊም፣ በኋላ ንጉሥ ሚካኤል የተባሉት፣ ክርስትና የተነሡት በዚሁ ሂደት ነው። አባ ማስያስ በዮሐንስ ትእዛዝ ከሸዋ የወጡት በ1879 ነው። ፊልሙ ግን ጥፋቱን ሁሉ «አታናሲዮ» በተባለ ጳጳስ ሴራ ያሳብባል። እውነተኛው አቡነ አትናቴዎስ ያረፉት በ1876 ነበር። በሕግ ትምህርት ቤት እንደተማርነው፣ ወንጀሉ ከመፈጸሙ ሦስት ዓመት በፊት የሞተ ሰው አይከሰስም። በፋሺስት ፊልም ግን ተከሶ ይፈረድበታል!

ሌላም አለ። ያው መንግሥት በወረራው ዘመን የምኒልክን ሐውልት ከአዲስ አበባ አደባባይ አስነስቷል። በ1937 ባወጣው ሕግ ደግሞ ጣሊያናዊ ከቅኝ ተገዥ ሴት ጋር እንደ ባልና ሚስት መኖሩን ወንጀል አድርጓል። የነሐሱን ምኒልክ አፍርሶ በሸራ ላይ ሌላ ምኒልክ አቆመ፤ የጣሊያን ወዳጅ የሆነ፣ በጣሊያንኛ የሚናገር ምኒልክ። የአድዋው ድል አድራጊ ለድል የተመቸ ሰው ተደርጎ ቀረበ ማለት ነው።

ዋንጫው ግን ዘመኑን አላራዘመለትም። በሚያዝያ 1936 የተያዘችው ደሴ፣ ከኮምቦልቻው ውጊያ በኋላ በሚያዝያ 1941 ከጣሊያን እጅ ወጣች። ሐውልቱም ወደ ቦታው ተመለሰ።

በግሎሪ ላይ ልፈርድበት አልፈልግም። ደመወዝ የሚበላ ተዋናይ የተሰጠውን ካባ ይለብሳል። ፊልሙ ግን ማስረጃ ነው፤ ማስረጃ ደግሞ ባለጉዳዩ ሊመረምረው ይገባል። በደሴና በኮምቦልቻ ግቢዎች ያሉት ወሎ ዩኒቨርሲቲ ቅጂውን አስመጥቶ፣ ከቦሩ ሜዳ ታሪክ ጋር ጎን ለጎን ለተማሪዎቹ ቢያሳይ ምን ይለዋል?