በመንገድ አደጋ ለሞተ ሰው የሚከፈል ዲያ፦ ከዑመር (ረ.ዐ.) ሦስት ውሳኔዎች አንጻር

በሱረቱ አን-ኒሳእ 92ኛ አንቀጽ መሠረት በስሕተት ሰው የገደለ ሁለት ግዴታ አለበት። አንደኛው ከፋራ ሲሆን፣ ይህን ራሱ ገዳዩ እንጂ ሌላ ሰው አይወጣለትም። ሁለተኛው ቤተሰቡ በምጽዋትነት ካልተወው በቀር ለሟች ወገኖች የሚከፈል የደም ካሳ ወይም ዲያ ነው። በ1993 እ.ኤ.አ. በብሩናይ የተሰበሰበው ዓለም አቀፍ የፊቅህ አካዳሚም የትራፊክ አደጋ ከዚህ ሕግ እንደማይወጣ ወስኗል። ዲያው ስንት እንደሆነ፣ ማን እንደሚከፍልና ማን እንደሚቀበል ለመረዳት ግን ወደ ኸሊፋ ዑመር ኢብኑል ኸጣብ ዘመን (13–23 ዓመተ ሒጅራ) መመለስ እንደሚጠቅም እናምናለን።

የዲያ መሠረቱ 100 ግመል ነው። አቡ ዳውድ እንደዘገቡት፣ በነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ዘመን ዋጋው 800 ዲናር ወይም 8,000 ዲርሃም ነበር። የግመል ዋጋ ሲወደድ ዑመር በኹጥባቸው ይህንኑ አስታውቀው ወደ 1,000 ዲናርና 12,000 ዲርሃም ከፍ አደረጉት። ገንዘቡ ቢለወጥም የነፍስ ክብር እንዳይረክስ መጠበቃቸው ነበር። ሳዑዲ ዐረቢያም በ2011 እ.ኤ.አ. የስሕተት ግድያን ዲያ ወደ 300,000 ሪያል አሳድጋለች። በአገራችን አዋጅ ቁጥር 799/2005 ሲወጣ ለሞት የሚከፈለውን የሦስተኛ ወገን መድን ከ5,000 እስከ 40,000 ብር፣ ለንብረት ጉዳት የሚከፈለውን ደግሞ እስከ 100,000 ብር ወስኖ ነበር። ስለዚህ የመድኑ ክፍያ ሙሉ ዲያ ነው ማለት አይቻልም። የተሽከርካሪው ባለቤት በፍትሐ ብሔር ሕግ ቁጥር 2081 ያለበት ኃላፊነትም በመድኑ ጣሪያ አይቀርም።

ከፋዩን በተመለከተ፣ የስሕተት ግድያን ዲያ የሚሸከመው ዓቂላ፣ ማለትም የገዳዩ የአባት ወገን ነበር። ዑመር የጦር መዝገብ (ዲዋን) ሲያቋቁሙ ሸክሙን በአንድ መዝገብ በታቀፉት ላይ አደረጉ፤ ክፍያውም በሦስት ዓመት እንዲጠናቀቅ ፈቀዱ። ሐነፊዮች ይህን ተከትለዋል። ሻፊዒዮች ግን ዓቂላ በነቢዩ ዘመን እንደነበረው ዘመድ ብቻ ነው ብለዋል። በሶማሌ ወገኖቻችን ዘንድ ማግ በጎሳ እየተዋጣ የሚከፈለው እስከ ዛሬ ነው። ዘመዱ የተበተነ የከተማ ሾፌር ግን እንዲህ ያለ ደጋፊ የለውም። በ2005 እ.ኤ.አ. ዱባይ ላይ የተሰበሰበው ይኸው አካዳሚ፣ ዓቂላ በሌለበት የመረዳጃ መድን፣ የሙያ ማኅበራትና ፈንዶች ቦታውን ሊይዙ እንደሚችሉ ያሳለፈው ውሳኔ ከዲዋኑ መንፈስ ጋር ይስማማል።

ይበልጥ ልናተኩርበት የምንሻው ግን ተቀባዩን የሚመለከተው ውሳኔ ነው። ዑመር በመጀመሪያ ዲያውን የሚከፍሉት የአባት ወገኖች በመሆናቸው ሚስት ከባሏ ዲያ አትወርስም የሚል አቋም ነበራቸው። አድ-ደሓክ ኢብኑ ሱፍያን ግን ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ.) ለአሽየም አድ-ዲባቢ ሚስት ከባሏ ዲያ ድርሻዋን እንዲሰጣት እንደጻፉለት ነገራቸው። ዑመርም ወዲያው አቋማቸውን ተዉ። ዲያ እንደ ማንኛውም ውርስ ለወራሾች ሁሉ እንደሚከፋፈል በዚህ ጸና።

ይህ ለኢማሞቻችን የዕለት ጉዳይ ነው። ከአደጋ በኋላ ሽማግሌዎች ለእርቅ ይቀመጣሉ፤ የሟች ወንድም ወይም አጎት «ለአላህ ብለን ትተናል» ብሎ ይፈርማል፤ ሁሉም ዱዓ አድርጎ ይበተናል። መተው ታላቅ ምንዳ ያለው ሥራ ነው። ነገር ግን ለዐቅመ አዳም የደረሰ ወራሽ የሚተወው የራሱን ድርሻ ብቻ ነው። ባልቴቷ ሳትጠየቅ ድርሻዋ አይቀርም፤ የየቲሞችንም ሐቅ ሞግዚታቸው በነጻ ሊለቅ አይችልም። ስለዚህ ሽምግልና የተጠራ ኢማም እጁን ለዱዓ ከማንሣቱ በፊት ወራሾቹ እነማን እንደሆኑ፣ ሚስቲቱ መጠየቋንና የልጆቹ ድርሻ መለየቱን ሊያረጋግጥ ይገባል። እርቁ የሚጸናው የደካሞች ሐቅ ሲጠበቅ ነው። ወላሁ አዕለም።