«ኅልቀት አልባ ድምር»፦ የአንድ የሒሳብ ቃል ፍችና በልብ ወለድ መጻሕፍት ውስጥ ያለው ዘመድ

የሒሳብ ሊቃውንት ከስድስት መቶ ዓመታት በላይ ሲመረምሩትና ሲከራከሩበት የኖሩት አንድ ነገር አለ፤ ይኸውም ቁጥሮችን በአንድ ሥርዓት እያስከተሉ፥ አንዱን በሌላው ላይ እየጨመሩ፥ የመጨረሻው ይህ ነው ሳይባል የሚቀጥለው ድምር ነው። ስለዚህ ነገር በአማርኛ ለመጻፍ የተነሣ ሰው አስቀድሞ ስም ሊያወጣለት ግድ ስለሚሆንበት፥ እኔ በዚህ ጽሑፍ «ኅልቀት አልባ ድምር» ብዬ እጠራዋለሁ። «ኅልቀት» በግዕዝ ማለቅ፥ መፈጸም ማለት ሲሆን፥ በጸሎተ ሃይማኖት ስለ ጌታ መንግሥት የሚነገረው «አልቦ ማኅለቅት» ከዚሁ ሥር የወጣ ስለ ሆነ፥ ቃሉ ለቤተ ክርስቲያን ተማሪ እንግዳ አይሆንበትም፤ ግዕዝ ላልተማረውም «አለቀ» ከሚለው የዘወትር ቃሉ ጋር ዘመድ መሆኑን ጆሮው ይነግረዋል።

«ኍልቆ መሳፍርት የሌለው» የሚል ያማረ አነጋገር እያለን ሌላ መፈለግ ለምን አስፈለገ የሚል ይኖር ይሆናል። ኍልቆ መሳፍርት የሌለው ማለት ከብዛቱ የተነሣ ተቈጥሮና ተሰፍሮ የማይደረስበት ማለት ነው እንጂ ፍጻሜ የለውም ማለት አይደለም፤ የእኛ ድምር ቁጥሮች ግን አንደኛ፥ ሁለተኛ፥ ሦስተኛ እየተባሉ ያለ ችግር ይቈጠራሉ፤ የሌላቸው ነገር መጨረሻ ብቻ ነው። ይህን ልዩነት ከብዙ የሒሳብ መጻሕፍት ይልቅ አጥርቶ የሚያሳየው፥ እንደ እኔ አስተያየት፥ የአርጀንቲናው ደራሲ ሆርሄ ሉዊስ ቦርሄስ ነው። እርሱ በ1941 ዓ.ም. (ይህም ሆነ ከዚህ በታች የሚጠቀሱት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓ አቈጣጠር ናቸው) ባወጣው «የባቤል ቤተ መጻሕፍት» በተባለው አጭር ልብ ወለድ ውስጥ፥ እያንዳንዱ መጽሐፍ 410 ገጽ፥ በየገጹ 40 መስመር፥ በየመስመሩም 80 ያህል ፊደል አለው፤ ሁሉም የተጻፉት በ25 ምልክቶች ብቻ ነው። አንዱ መጽሐፍ 1,312,000 ያህል ፊደል ይይዛል ማለት ነውና፥ ሊጻፉ የሚችሉት ልዩ ልዩ መጻሕፍት ብዛት 25ን ይህን ያህል ጊዜ ደርድሮ እርስ በርሱ በማባዛት ይገኛል። ያን ሁሉ መጽሐፍ የሚችል ዓለም የለም፤ ሆኖም ብዛቱ ቁጥር ነው፥ ቁጥሩም መጨረሻ አለው። ይኸው ደራሲ በ1975 ዓ.ም. ባሳተመው «የአሸዋው መጽሐፍ» ውስጥ ግን፥ ከአንድ መጽሐፍ ቅዱስ ሻጭ እጅ የሚገኘው እንግዳ መጽሐፍ መጀመሪያም መጨረሻም ገጽ የለውም፤ አንባቢው የመጀመሪያውን ገጽ ለመያዝ ጣቱን ከሽፋኑ ሥር በሰደደ ቁጥር፥ በሽፋኑና በጣቱ መካከል ሌሎች ገጾች ይገኛሉ። የፊተኛው ኍልቆ መሳፍርት የለውም፤ የኋለኛው ኅልቀት የለውም።

ከስያሜው ሁለት ክፍሎች የሚያስቸግረው ግን «ድምር» የሚለው ነው። እኛ የምናውቀው መደመር የሚያልቅ ሥራ ነው፤ ነጋዴ ማታ ሒሳቡን ሲዘጋ ከታች መስመር አስምሮ ውጤቱን ይጽፋል። መስመሩ ከቶ የማይሰመርበት ድምር ውጤት እንደ ምን ይኖረዋል? ሊዮ ቶልስቶይ «ጦርነትና ሰላም» በተባለው ታላቅ ድርሰቱ፥ በሦስተኛው ቅጽ፥ የቦሮዲኖ ውጊያ ተተርኮ ካበቃ በኋላ በሚከፈተው ክፍል መግቢያ ላይ፥ ትረካውን ለጥቂት ገታ አድርጎ የጥንቱን የግሪክ ፈላስፋ የዜኖንን እንቆቅልሽ የሚያነሣው ስለዚሁ ነው። አኪሌስ ከኤሊዋ አሥር እጥፍ ይፈጥናል፤ ነገር ግን ኤሊዋ ቀድማ ከተነሣች፥ እርሱ እርስዋ ወደ ነበረችበት ስፍራ እስኪደርስ እርስዋ የዚያን ርቀት አንድ ዐሥረኛ ትሄዳለች፥ ያንንም አንድ ዐሥረኛ እስኪሮጥ እርስዋ አንድ መቶኛ ትጨምራለች፤ እንዲህ እያለ ለዘለዓለም አይደርስባትም ይላል እንቆቅልሹ።

በመካከላቸው ያለው ርቀት 1 ኪሎ ሜትር ይሁን። አኪሌስ የሚሮጣቸው ርቀቶች 1፥ 1/10፥ 1/100፥ 1/1000 እያሉ ይቀጥላሉ። እነዚህ ገና ያልተደመሩ ቁጥሮች በተራ ስለ ቆሙ «ተርታ» እንበላቸው፤ ተርታና ድምር ብዙ ጊዜ ይምታታሉና መለየቱ ይበጃል። አሁን በየደረጃው እየደመርን ብንጽፍ 1፥ 1.1፥ 1.11፥ 1.111 እናገኛለን፤ እነዚህም «ከፊል ድምሮች» ናቸው። ሁሉም ከ10/9 ያንሳሉ፤ አንዱም 10/9 ላይ አይደርስም። ነገር ግን ማንም ሰው ተነሥቶ የወደደውን ያህል ጥቂት ልዩነት ቢሰይም፥ ለምሳሌ አንድ ሚሊዮንኛ ቢል፥ ከሰባተኛው ከፊል ድምር ጀምሮ ያሉት ሁሉ ለ10/9 ከዚያ ይበልጥ የቀረቡ ሆነው ይገኛሉ። ይህን 10/9 «ወሰን» እንለዋለን፤ ኅልቀት አልባው ድምር ዋጋው ይህን ያህል ነው ሲባልም ወሰኑ ይህ ነው ማለት እንጂ አንድ ሰው ደምሮ ጨረሰው ማለት አይደለም። አኪሌስም ከተነሣበት 1 ኪሎ ሜትር ከ111 ሜትር ያህል ርቆ ኤሊዋን ይይዛታል። ይህን ትርጓሜ ለዛሬው ትምህርት በሚሆን ጥንቃቄ አደላድሎ በ1821 ዓ.ም. በመማሪያ መጽሐፉ ያሰፈረው ፈረንሳዊው ኦጉስተን ኮሺ ነው።

ወሰን ያለው ድምር «ተሰብሳቢ»፥ የሌለው «ተበታኝ» ይባል። ጀማሪ ሁሉ የሚሰናከለው እዚህ ላይ ነው፤ የሚደመሩት ቁጥሮች እያነሱ ወደ ዜሮ ከሄዱ ድምሩ መሰብሰቡ የማይቀር ይመስለዋል። በ14ኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ፈረንሳዊው ሊቅ ኒኮል ኦሬም፥ ኋላ የሊዝዮ ጳጳስ የሆነው፥ 1 + 1/2 + 1/3 + 1/4 እያለ የሚሄደውን ድምር መረመረ። 1/3 እና 1/4 በአንድነት ከ1/2 ይበልጣሉ፤ የሚቀጥሉት አራቱ፥ ከ1/5 እስከ 1/8 ያሉት፥ እያንዳንዳቸው ከ1/8 የማያንሱ ስለ ሆኑ እነርሱም በአንድነት ከ1/2 ይበልጣሉ፤ ከዚያም ስምንቱ፥ ከዚያም ዐሥራ ስድስቱ እንዲሁ ናቸው። ግማሽ በግማሽ ላይ ያለ መቋረጥ ከተጨመረ ድምሩ ማናቸውንም ቁጥር አልፎ ይሄዳል፤ ስለዚህ ተበታኝ ነው። አካሄዱ ግን እጅግ ዘገምተኛ ከመሆኑ የተነሣ ከ10 ለማለፍ 12,367 ቁጥሮች መደመር አለባቸው፤ በእጁ የሚደምር ሰው ተሰብሳቢ ነው ብሎ ቢምል አይፈረድበትም።

ስለዚህ ነገር ከተጻፉት መጻሕፍት እኔን የሚያስቀናኝ በደቡብ ሕንድ፥ በኬራላ፥ በ1530 ዓ.ም. ገደማ ጄሽታዴቫ የጻፈው «ዩክቲባሻ» ነው። የፓይ አራተኛ ከ1 − 1/3 + 1/5 − 1/7 እና ከተከታዮቹ ጋር እኩል መሆኑን፥ ከርሱ በፊት የነበረውን የማድሃቫን ትምህርት ይዞ ከነማስረጃው ያስረዳበታል፤ ላይብኒጽ በአውሮፓ ይህንኑ ያገኘው ከዚያ ከመቶ ዓመት በላይ ዘግይቶ ነው። የቅናቴ ምክንያት ግን ሊቃውንቱ በሳንስክሪት በሚጽፉበት አገር እርሱ የሒሳቡን ማስረጃ ሕዝቡ በሚናገረው በማላያላም ቋንቋ መጻፉ ነው። ለጥናት የሚሆነው ደግሞ ጀርመናዊው ኮንራድ ክኖፕ በ1922 ዓ.ም. በበርሊን ያሳተመው፥ በ1928 ዓ.ም. በእንግሊዝኛ የወጣው መጽሐፍ ነው፤ ወፍራም ቢሆንም ትዕግሥተኛ መምህር ነው።

ተበታኞቹም የራሳቸው ታሪክ አላቸው። ጣሊያናዊው መነኩሴ ጒዶ ግራንዲ በ1703 ዓ.ም. 1 − 1 + 1 − 1 እያለ የሚቀጥለውን ድምር ሁለት ሁለቱን እያጣመረ ሲያየው 0 ሆነበት፤ በሌላ ስሌት ሲያየው 1/2 ሆነለት፤ ከዚህም ተነሥቶ እግዚአብሔር ፍጥረትን እምኀበ አልቦ ኀበ ቦ፥ ካለመኖር ወደ መኖር ለማምጣቱ ምሳሌ አደረገው። ሃይማኖቱን አልነቅፍበትም፤ ከፊል ድምሮቹ ግን 1፥ 0፥ 1፥ 0 እያሉ ስለሚዋዥቁ ወሰን የላቸውም። የኖርዌዩ ኒልስ አቤል በ1826 ዓ.ም. ለቀድሞ መምህሩ በጻፈው ደብዳቤ እንዲህ ያሉትን ድምሮች የዲያብሎስ ሥራ አድርጎ አወገዛቸው። ነገር ግን የከፊል ድምሮቹ አማካይ ሲወሰድ 1፥ 1/2፥ 2/3፥ 1/2፥ 3/5 እያለ ወደ 1/2 ይጠጋል፤ ይህንና ይህን የመሰሉትን መንገዶች እንግሊዛዊው ሃርዲ ስለ ተበታኝ ድምሮች በጻፈውና ከሞተ በኋላ በ1949 ዓ.ም. በታተመለት መጽሐፍ ሰብስቧቸዋል። መነኩሴው ጨርሶ አልሳተም ነበር ማለት ነው።

አንድ ነገር ይቀራል። በተለመደው መደመር ቅደም ተከተል ዋጋ የለውም፤ በኅልቀት አልባ ድምር ግን አንዳንዴ አለው። 1 − 1/2 + 1/3 − 1/4 እያለ የሚሄደው ድምር ተሰብሳቢ ነው፥ ወሰኑም 0.693 ያህል ነው። እነዚያኑ ቁጥሮች፥ አንድ እንኳ ሳይጐድል ሳይጨመር፥ አንድ ተደማሪ ሁለት ተቀናሽ እያደረግን በ1 − 1/2 − 1/4 + 1/3 − 1/6 − 1/8 ሥርዓት ብናስከትላቸው ወሰኑ የፊተኛው ግማሽ ይሆናል። ጀርመናዊው ቤርንሃርት ሪማን በ1854 ዓ.ም. ጽፎት ከሞተ በኋላ በ1867 ዓ.ም. በታተመው ጥናቱ፥ እንዲህ ያለው ድምር ቅደም ተከተሉ እየተለወጠ ወደ ወደዱት ቁጥር ሁሉ ሊመራ እንደሚችል አሳየ።

ቶልስቶይ አኪሌስንና ኤሊዋን ያመጣው ለሒሳብ ፍቅር ብሎ አልነበረም። ታሪክን የሚሠሩት ናፖሊዮንና የሩሲያው ንጉሠ ነገሥት እስክንድር ሳይሆኑ የሕዝቡ ሁሉ ጥቃቅን ፈቃዶች ናቸው፤ እነዚያን እጅግ ጥቃቅን ነገሮች ወስዶ የመደመርን ጥበብ ያገኘ ሰው የታሪክን ሕግ ያገኛል ለማለት ነው። ሐሳቡ ግሩም ነው፤ ነገር ግን ደራሲው ለምሳሌ የመረጠው ከድምሮች ሁሉ የዋሁን፥ ተቀናሽ የሌለበትንና በፍጥነት የሚሰበሰበውን ነው። የሰዎች ፈቃድ ደግሞ አንዱ ወደ ፊት፥ ሌላው ወደ ኋላ የሚስብ፥ ተደማሪም ተቀናሽም ያለበት ስለ ሆነ፥ ይሰበሰባልን፥ ቢሰበሰብስ ማን ቀድሞ ማን ተከትሎ እንደ ፈቀደ ውጤቱን አይለውጠውምን ብሎ መጠየቅ ይገባው ነበር። «ጦርነትና ሰላም» ታትሞ በተፈጸመበት በ1869 ዓ.ም. የሪማን ጥናት ከታተመ ሁለት ዓመት ሆኖት ነበር።