የሮም የቤት ብድር በስተመጨረሻ ስንት ያስከፍላል?

በሮም ቤት ለመግዛት ከባንክ የሚወሰደው፣ ጣሊያኖች 'ሙቱዎ' የሚሉት ብድር አብዛኛውን ጊዜ ከ20 እስከ 30 ዓመት ይዘልቃል። ተበዳሪዎች አስቀድመው የሚጠይቁት የወሩን ክፍያ ነው፤ ትክክለኛውን ዋጋ የሚወስነው ግን የመክፈያው ዘመን ጭምር ነው።

ለአብነት፣ 150,000 ዩሮ በ3.5 በመቶ ቋሚ ወለድ ለ25 ዓመት የተበደረ ቤተሰብ በየወሩ 751 ዩሮ ገደማ ይከፍላል። ከመጀመሪያው ወር ክፍያ ውስጥ ከ437 ዩሮ በላይ የሚሆነው ወለድ ነው፤ ከዋናው ዕዳ የሚቀነሰው 313 ዩሮ ብቻ። ብድሩ ተከፍሎ ሲያልቅ ከባንኩ ካዝና የገባው ገንዘብ ከ225,000 ዩሮ ያልፋል። ዘመኑ ወደ 30 ዓመት ቢራዘም የወሩ ክፍያ በ77 ዩሮ ይቀልላል፤ ጠቅላላው ወለድ ግን በ17,000 ዩሮ ገደማ ይጨምራል። ውድ እፎይታ ነው።

ተለዋዋጭ ወለድ የመረጡት ደግሞ የአውሮፓ ማዕከላዊ ባንክ እአአ በ2022 እና በ2023 ወለድ ደጋግሞ ሲያሳድግ ክፍያቸው አሻቅቧል።

ባንኮችን ለማወዳደር 'ታን' የተሰኘው የወለድ መጠን አይበቃም። 'ታኤግ' የብድር ማስፈጸሚያና የቤት ግምት ወጪን ይጨምራል፤ የውል አዋዋዩ የ'ኖታዮ' ክፍያ ግን በእርሱም ውስጥ የለም።

እአአ በ2007 የወጣውና በወቅቱ ሚኒስትር በፒየር ሉዊጂ ቤርሳኒ ስም የሚጠራው ሕግ፣ ከዚያ ወዲህ በተፈረሙ የመኖሪያ ቤት ብድሮች ላይ ዕዳን ቀድሞ በመክፈል የሚጣለውን ቅጣት አስቀርቷል። 'ሱሮጋ' በተባለው አሠራርም ተበዳሪው ያለ ተጨማሪ ወጪ ብድሩን ወደ ሌላ ባንክ ማዛወር ይችላል። የቀድሞው ባንክ ሊከለክለው አይችልም፤ አዲሱ ግን ገቢውን እንደገና ይመረምራል።