«ከመጠምጠም መማር ይቅደም»፦ የኤጲስ ቆጶስ ባርባራ ሃሪስ ታሪክና ቦታ የሚቀያይረው መስፈርት

አበው «ከመጠምጠም መማር ይቅደም» ይላሉ። ጥምጣም የዕውቀት ማረፊያ እንጂ የዕውቀት ምትክ እንዳይሆን ሲያስጠነቅቁ ነው። አባባሉን ማስተዋል ያለው ሰው አይቃወመውም። አስቸጋሪው ጥያቄ ከዚያ በኋላ የሚከተለው ነው፦ «ተምሯል»፣ «አልተማረም» ብሎ የሚፈርደው ማን ነው? ፍርዱስ ለሁሉም እኩል ይሠራል ወይስ ፊት እየታየ ይለዋወጣል? ለዚህ ጥያቄ፣ በአንግሊካን ቤተ ክርስቲያን ታሪክ የመጀመሪያዋ ሴት ኤጲስ ቆጶስ የሆኑት ባርባራ ክሌመንታይን ሃሪስ ሕይወት ብዙ የሚነግረን አለ። (ከዚህ በታች ያሉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ናቸው።)

አስቀድሞ ስለ ቤተ ክርስቲያኒቱ አሠራር ጥቂት መናገር ይገባል። የአንግሊካን ኅብረት ከእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን የበቀሉ፣ ነገር ግን እያንዳንዳቸው ራሳቸውን የሚያስተዳድሩ አብያተ ክርስቲያናት ማኅበር ነው። የካንተርበሪው ሊቀ ጳጳስ በክብር ይቀድማሉ እንጂ እንደ ሮማው ፓፓ በሁሉ ላይ አያዝዙም። የአሜሪካዋ ቅርንጫፍ ኤጲስኮፓል ቤተ ክርስቲያን ትባላለች። በዚያ ኤጲስ ቆጶስ የሚመረጠው የሀገረ ስብከቱ ካህናትና የምእመናን እንደራሴዎች በሚሰጡት ድምፅ ነው። ምርጫው የሚጸናው ግን የሌሎቹ አህጉረ ስብከት አብዛኞቹ ቋሚ ጉባኤያትና አብዛኞቹ ኤጲስ ቆጶሳት ሲስማሙበት ነው።

ባርባራ ሃሪስ በ1930 ዓ.ም. በፊላደልፊያ ከተማ ተወለዱ። ፊላደልፊያ ለጥቁር ክርስቲያኖች ተራ ከተማ አይደለችም። ከባርነት ነፃ የወጣው አብሳሎም ጆንስ በ1790ዎቹ የጥቁሮችን ኤጲስኮፓላዊ ቤተ ክርስቲያን የመሠረተው በዚያ ነው። ቤተ ክርስቲያኒቱ ወደ ሀገረ ስብከቱ ስትገባ ግን በጉባኤው ድምፅ እንዳይኖራት ተደረገ፤ ይህም እገዳ እስከ 1860ዎቹ ዘለቀ። «ጸልዩ፤ በምክር ግን አትግቡ» እንደ ማለት ነበር።

ወይዘሮ ሃሪስ የሁለተኛ ደረጃ ትምህርታቸውን በ1948 ፈጽመው የማስታወቂያና የጋዜጠኝነት ሙያ ተማሩ። በአንድ የጥቁሮች የሕዝብ ግንኙነት ድርጅት ተቀጥረው እስከ ፕሬዚዳንትነት ደረሱ። ከ1968 ጀምሮ ደግሞ በሰን ኦይል የነዳጅ ኩባንያ በሕዝብ ግንኙነት ኃላፊነት ሠሩ። በዚህ መካከል በ1964 ወደ ሚሲሲፒ ግዛት ወርደው ጥቁሮችን ለመራጭነት ያስመዘግቡ ነበር፤ በ1965ም ከሴልማ ወደ ሞንትጎመሪ በተደረገው ሰልፍ ተሳትፈዋል። እስረኞችን መጎብኘትም ከክህነት በፊት የጀመሩትና እስከ ኋላ ዘመናቸው ያልተዉት አገልግሎት ነው።

አሁን ወደ ሐምሌ 29 ቀን 1974 እንምጣ። በፊላደልፊያ አድቮኬት ቤተ ክርስቲያን 11 ሴቶች ቅስና ሊቀበሉ ተሰለፉ። የቤተ ክርስቲያኒቱ ሕግ የሴቶችን ቅስና ገና አልፈቀደም ነበር። ሥልጣነ ክህነቱን የሰጡት መንበራቸውን የለቀቁ 3 ኤጲስ ቆጶሳት ናቸው። መስቀል ይዘው ሰልፉን የመሩት ደግሞ የዚያው ደብር ምእመን ባርባራ ሃሪስ ነበሩ። የኤጲስ ቆጶሳቱ ምክር ቤት በማግሥቱ ወር ተሰብስቦ ሢመቱ ዋጋ የለውም ሲል ወሰነ።

እዚህ ላይ አንባቢ አንድ ነገር እንዲያስተውል እሻለሁ። ከ11ዱ አንዳቸውንም «አልተማሩም» ብሎ መክሰስ የሚያዋጣ አልነበረም። ብዙዎቹ በታወቁ የነገረ መለኮት ትምህርት ቤቶች ያለፉ ናቸው። የ79 ዓመቷ ጃኔት ፒካርድ በ1934 ፊኛ እየቀዘፉ ወደ ላይኛው ከባቢ አየር የወጡ፣ ኋላም ከሚኒሶታ ዩኒቨርሲቲ የዶክትሬት ማዕርግ የተቀበሉ ሴት ናቸው። ከዚያም 30 ዓመት አስቀድሞ፣ በ1944፣ በጦርነቱ ምክንያት ካህን ላጣችው ማካው የሆንግ ኮንጉ ኤጲስ ቆጶስ ሮናልድ ሆል ቅስና የሰጧቸው ፍሎረንስ ሊ ቲም-ኦይ በካንቶን ነገረ መለኮትን ተምረው የወጡ ዲያቆን ነበሩ። እርሳቸውም ተቃውሞው ሲበረታ፣ ኤጲስ ቆጶሳቸውን ከችግር ለማዳን ሲሉ በ1946 በካህንነት ማገልገላቸውን ተዉ። ለእነዚህ የተማሩ ሴቶች የተሰጠው መልስ አንድ ነው፦ ዕውቀታችሁ አይጠየቅም፤ ሴት ናችሁ።

በ1976 የቤተ ክርስቲያኒቱ ጠቅላላ ጉባኤ ሕጉን ለወጠ። ወይዘሮ ሃሪስ በቪላኖቫ ዩኒቨርሲቲ ትምህርት ተከታትለው፣ የሚጠበቅባቸውን ፈተና አልፈው፣ በ1979 ዲቁና፣ በ1980 ቅስና ተቀበሉ። በኖሪስታውን ከተማ ደብር አስተዳደሩ፤ በፊላደልፊያ ወህኒ ቤት አገለገሉ፤ ከ1984 ጀምሮም በማኅበራዊ ጉዳዮች ላይ ደፍሮ የሚጽፈውን «ዘ ዊትነስ» የተሰኘ መጽሔት የሚያወጣውን ድርጅት መሩ። መስከረም 24 ቀን 1988 የማሳቹሴትስ ሀገረ ስብከት በ8ኛው ዙር ድምፅ ረዳት ኤጲስ ቆጶስ አድርጎ መረጣቸው።

ያን ጊዜ ተቃውሞው ፈነዳ። ሴት መሆናቸውን ብቻ ማንሣት አልበቃም፤ ለካህንነት ሴትነት እንቅፋት መሆኑ በሕግ ከቀረ 12 ዓመት ሆኖታልና። ስለዚህ ሌሎች ምክንያቶች ተደረደሩ፦ የዩኒቨርሲቲ ዲግሪ የላቸውም፤ መደበኛ የነገረ መለኮት ትምህርት ቤት ገብተው አልተመረቁም፤ ትዳራቸውን ፈትተዋል፤ ፖለቲካ ያበዛሉ። ዲግሪ የነበራቸው ሴቶች በሴትነታቸው ተመልሰው ነበር፤ ሴትነት መከልከያ መሆኑ ሲቀር ደግሞ ዲግሪ መከልከያ ሆነ። በሩ ሲከፈት ደፉ ከፍ አለ።

ለተቃዋሚዎቹ ፍትሐዊ መሆን ይገባል። ከእነርሱ መካከል ከመጀመሪያው እስከ መጨረሻው አንድ ቃል የተናገሩ አሉ፦ ጌታ የመረጣቸው ሐዋርያት ወንዶች ናቸው፤ ይህን ትውፊት አንዲት ቤተ ክርስቲያን ብቻዋን ልትለውጠው አትችልም የሚሉ። ይህ አቋም በእኛም አገር ኦርቶዶክሳውያን ዘንድ የታወቀ ነው፤ ጽሑፌም የነገረ መለኮት ክርክር ሊፈታ አልተነሣም። እንዲህ የሚል ሰው መስፈርቱን በግልጽ ያስቀምጣል፤ ልትስማማው ወይም ልትሞግተው ትችላለህ። የሚያሳስበው ስሙን እየለወጠ የሚመጣው ተቃውሞ ነው፤ አንዱን ምክንያት ስታፈርስበት ሌላ ይዞ ይቀርባልና በመረጃ አይረታም።

የትምህርቱም ጥያቄ ቢሆን ባዶ አልነበረም። መንጋ የሚጠብቅ ሰው መማር አለበት። ነገር ግን ቤተ ክርስቲያኒቱ ራሷ መደበኛውን ትምህርት ቤት ሳይረግጡ በፈተና ወደ ክህነት የሚገባበትን መንገድ በሕጓ ደንግጋለች። ሴትዮዋ የሄዱት በዚያው በተፈቀደው መንገድ ነው። መንገዱ ወደ ኤጲስ ቆጶስነት ሊያደርስ መቻሉ አጠያያቂ የሆነው እርሳቸው ሲደርሱበት ነው።

የዛቻና የስድብ መልእክት ይጎርፍላቸው ጀመር። የካቲት 11 ቀን 1989 በቦስተን ሃይንስ አዳራሽ 8,000 ያህል ሰው በተገኘበት ሲሾሙ፣ ፖሊስ ጥይት የማይበሳው ሰደርያ እንዲለብሱ ቢያቀርብላቸው እምቢ አሉ። በሥርዓቱ መሠረት «ተቃውሞ ያለው አለ?» ተብሎ ሲጠየቅ 2 ሰዎች ተነሥተው ተቃውሟቸውን አነበቡ፤ ተሰሙ፤ ሥርዓቱም ቀጠለ። በዚያ ቀን በአገልግሎቱ ከተካፈሉት ካህናት መካከል ከ45 ዓመት በፊት በጦርነት መካከል የተቀሰሱት አረጋዊት ፍሎረንስ ሊ ቲም-ኦይ ይገኙ ነበር።

ኤጲስ ቆጶስ ሃሪስ እስከ 2002 ማሳቹሴትስን አገለገሉ፤ በቦታቸውም ሌላ ጥቁር ሴት፣ ጌይል ሃሪስ፣ ተተኩ። መጋቢት 13 ቀን 2020 በ89 ዓመታቸው ዐረፉ። የእንግሊዝ ቤተ ክርስቲያን የመጀመሪያዋን ሴት ኤጲስ ቆጶስ ሊቢ ሌንን የሾመችው ገና በ2015 ነው። በአፍሪካ በ2012 የስዋዚላንድ ኤጲስ ቆጶስ የሆኑት ኤሊናህ ዋሙኮያ ቀድሞ የማንዚኒ ከተማ አስተዳደር ሥራ አስኪያጅ ነበሩ። በጥቅምት 2025 ለካንተርበሪ ሊቀ ጳጳስነት የተሰየሙት ሳራ ሙላሊም የእንግሊዝ መንግሥት ዋና ነርስ ሆነው የሠሩ ናቸው። እንግዲህ የሕዝብ ግንኙነት ሠራተኛ፣ የከተማ ሥራ አስኪያጅና ነርስ ናቸው። ሦስቱም ወደ መንበሩ የመጡት በዓለማዊ ሥራ ሰውን ማገልገል ተምረው ነው።

እኛ የዩኒቨርሲቲ ሰዎች ይህን ታሪክ ልብ ብለን ልናነበው ይገባል። «የተማረ ይግደለኝ» በሚባልበት አገር ማስረጃ ቆጣሪዎቹ እኛ ነን፤ ማን ለሹመት፣ ማን ለዕድገት፣ ማን ለመናገር እንደሚበቃ በየኮሚቴው የምንፈርድ እኛው ነን። መስፈርት ያለ ጥርጥር ያስፈልጋል፤ ያለ መስፈርት የሚቀረው ዝምድና ነው። ነገር ግን መስፈርት የሚታመነው አስቀድሞ ሲጻፍና ለመጣው ሁሉ ሳይለወጥ ሲጠብቅ ነው። እጩው ከታወቀ በኋላ የሚጨመር መስፈርት የፈራጁን ልብ እንጂ የእጩውን ችሎታ አይለካም። አበው «መማር ይቅደም» ሲሉ ለሚጠመጥመው ብቻ የተናገሩ አይመስለኝም፤ ጥምጣሙን ለሚሰጠውም ነው።