ዜና ሳቦልች ሃይዱ፣ ፊልም ሠሪ ዘሀገረ ሃንጋሪ

በሃንጋሪ ምሥራቅ ደብረጸን የምትባል ከተማ አለች፤ በትልቅነቷም ከቡዳፔስት ቀጥላ ትቈጠራለች። ላዮሽ ኮሹት በ1849 የሀብስበርግ ነገሥታት ከሃንጋሪ ዙፋን መሻራቸውን ያወጀባት እርሷ ናት። ዓመታቱን ሁሉ በፈረንጆች ቍጥር ጽፈናል። በዚህች ከተማ በ1972 በወርኀ ጥር ሳቦልች ሃይዱ ተወለደ።

በብላቴንነቱ ጂምናስቲክ ተማረ። ካደገም በኋላ ወደ ቡዳፔስት ሄዶ የፊልምን ጥበብ አጠና፤ ይጽፍም፣ ያዘጋጅም፣ ይተውንም ጀመር።

በ2006 «ነጭ መዳፎች» የተባለውን ፊልም አወጣ። ነገሩም እንዲህ ነው፦ በኮሙኒስቶች ዘመን አንድ አሠልጣኝ ሕፃናቱን ይደበድባል፤ አንዱ ልጅ ግን ሸሽቶ ከሰርከስ ሰዎች ጋር ይቀላቀላል። ልጁ አድጎ ካናዳ ተሻግሮ በካልጋሪ አሠልጣኝ ይሆናል፤ እነሆ የእርሱም እጅ በተማሪው ላይ ይነሣል። ይህን ሰው የተጫወተው የሳቦልች ወንድም ነው፤ በእውነትም ጂምናስቲክ የሠራ ነው። በካናዳ የሚያሠለጥነውን ወጣት የተጫወተው ካይል ሹፌልትም በ2004 በአቴንስ ኦሎምፒክ ወርቅ ያገኘ ነው። ስለዚህ በፊልሙ ውስጥ የሚገለበጠው ሁሉ በእውነት ይገለበጣል፤ የተመታውም ልጅ ሕመም ተመልካቹን ዘልቆ ይሰማዋል።

በ2010 «ቢብሊዮቴክ ፓስካል»ን ሠራ። ልጇን ለማስመለስ ለሹም ቃሏን የምትሰጠውን እናት ሚስቱ ኦርሾያ ቶሮክ ኢዬሽ ተጫወተች። በ2014 ደግሞ «ዴሊባብ»ን አወጣ፤ በእርሱም የኮትዲቯር ተወላጁ ኢሳክ ደ ባንኮሌ ወደ ሃንጋሪ ሜዳ የሸሸ አፍሪካዊ ኳስ ተጫዋች ሆነ።

ከዚህ በኋላ የሆነው ግን ከሁሉ ይበልጣል። ሳቦልች የመንግሥትን የፊልም ገንዘብ ሳይዝ በገዛ ቤቱ ውስጥ ካሜራ ተከለ። ቀረጻውን ለተማሪዎች ሰጠ፤ እርሱ ባል፣ ሚስቱም ሚስት ሆነው ተጫወቱ፤ ልጆቻቸውም አብረው ገቡ። ፊልሙም «እነ ኤርኔላ ከእነ ፋርካሽ ቤት» ተባለ። ከስኮትላንድ ኑሮ ሳይሳካላቸው የተመለሱ ዘመዶች በሌሊት ከነልጃቸው ይመጣሉ፤ እንግዳና ባለቤት በጠባብ ክፍል ይቀያየማሉ፤ የቈየ ቂምም ይወጣል። ጦርነት የለበትም፣ ሰልፍ የለበትም፤ ነገር ግን ባልና ሚስት ስለ ልጅ አስተዳደግ ሲጣሉ የሚያይ ሰው ከመቀመጫው መነሣት አይቻለውም። እኛ ከሥራዎቹ ሁሉ ይህን እናስበልጣለን፤ ሳቦልች የገዛ ቤቱንና የገዛ ፊቱን ለተመልካች ሳይሸሽግ አሳይቷልና።

በ2016 በወርኀ ሐምሌ ፊልሙ ወደ ቼክ አገር፣ ወደ ካርሎቪ ቫሪ የፊልም ጉባኤ ሄደ። ዳኞቹም ታላቁን ሽልማት፣ የክሪስታሉን ሉል፣ ሰጡት። ደግሞም ሳቦልችን ከወንዶች ተዋንያን አንደኛ ብለው ሸለሙት።

ከዚያም ወዲህ የባልና የሚስትን ነገር አልተወም። በ2023 «የካልማን ቀን»ን፣ በ2024ም «አንድ በመቶ ቀይ ሕንድ»ን አወጣ፤ ከ«እነ ኤርኔላ ከእነ ፋርካሽ ቤት» ጋር ሦስቱም ባንድነት አንድ ተከታታይ ሥራ ሆኑ።