ሕገ መንግሥት በቴምብር ላይ፦ የኤምቪን ክሬሞና ሥራ

የኤምቪን ክሬሞና ስም ሲነሣ ቀድመው የሚጠቀሱት የማልታን አብያተ ክርስቲያናት ያስጌጡት ሥዕሎቹና በ1960ዎቹ ማብቂያ ከተሰባበረ መስተዋት የሠራቸው ረቂቅ ሥራዎቹ ናቸው። ቴምብሮቹ የሚነሡት ከዚያ በኋላ ነው፤ ገበያ ላይ እንደሚጨመር ምርቃት። ይህ ቅደም ተከተል ሰውየውንም ዘመኑንም ያዛባል ባይ ነኝ። ክሬሞና ከ1957 ጀምሮ (እዚህ ያሉት ዓመቶች ሁሉ እንደ አውሮፓ አቆጣጠር ናቸው) እስከ 1970ዎቹ ድረስ ለማልታ ፖስታ ከመቶ በላይ ቴምብሮች ነድፏል። በእነዚያ ዓመታት ደሴቲቱ ከእንግሊዝ ቅኝ ግዛትነት ወጥታ በ1964 ነፃ መንግሥት፣ በ1974 ደግሞ ሪፐብሊክ ሆናለች። አዲሲቱ አገር ራሷን እንዴት ማየት እንደፈለገች፣ ማንን ላለማስቀየም እንደተጠነቀቀች፣ ማንንስ ለማስቀየም እንደደፈረች ከየትኛውም ትልቅ ሸራ ይልቅ በእነዚህ ጥቃቅን ወረቀቶች ላይ ጎልቶ ይነበባል።

ክሬሞና በ1919 በቫሌታ ተወለደ። በማልታ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት ከካሩዋና ዲንግሊ ወንድማማቾች ከኤድዋርድና ከሮበርት ተምሮ ወደ ሮም ተሻገረ። ነገሩ ግን አልሰመረም። ጣልያን ሰኔ 10 ቀን 1940 ወደ ጦርነቱ ገባች፤ በማግሥቱ አውሮፕላኖቿ ማልታን ደበደቡ። ሥዕል ያስተማረችው አገር የትውልድ ከተማውን ታፈርስ ጀመር። ጣልያንና ጀርመን ደሴቲቱን በቦምብና በረሃብ ለማንበርከክ ሲሞክሩ ሳለ፣ ንጉሥ ጆርጅ ስድስተኛ ሚያዝያ 15 ቀን 1942 ለመላው የማልታ ሕዝብ የጆርጅ መስቀል የተባለውን የጀግንነት ሜዳልያ ሸለሙ። ከጦርነቱ በኋላ ክሬሞና ለንደን በሚገኘው በስሌድ የሥነ ጥበብ ትምህርት ቤት፣ ቀጥሎም በፓሪስ ተማረ። (ከጥቂት ዓመታት በኋላ የእኛው አፈወርቅ ተክሌም በዚያው በስሌድ ተምሯል፤ እሱም ለአገሩ ቴምብር ነድፏል።) የክሬሞና የመጀመሪያዎቹ ቴምብሮች በ1957 ሲወጡ ርዕሳቸው ያው የጆርጅ መስቀል ነበር። ከአንድ ዓመት በፊት የወጣው የማልታ መደበኛ ቴምብር በንግሥቲቱ ምስል ሥር ሐውልቶችንና ሕንፃዎችን በቀጫጭን የቅርጽ መስመር ያሳይ ነበር፤ ጎብኚ የሚገዛው ዓይነት ሥዕል። በክሬሞና ቴምብሮች ላይ ግን በሌሊት ሰማይ የሚጠላለፉ የመብራት ጨረሮችና የፈራረሱ ቤቶች ታዩ። ባለ ጉዳዩ የነበረ ሰው ስለ ጉዳዩ ሲናገር በማልታ ቴምብር ላይ ከዚያ ቀደም እምብዛም አልታየም።

እዚህ ላይ አንድ ተቃውሞ ይነሣል። ቴምብሮቹ ይታተሙ የነበረው ለረጅም ጊዜ እዚያው እንግሊዝ አገር፣ ሃሪሰን በተባለው ማተሚያ ቤት ነበር፤ ታዲያ ነዳፊው ወረቀት ላይ ከመሣል በቀር ምን ድርሻ ነበረው ይባላል። ድርሻው የሚታየው የኅትመቱን ዘዴ ስንረዳ ነው። በፎቶግራቩር ኅትመት የመዳብ ሲሊንደር ላይ ጥልቀታቸው የሚለያይ ለዓይን የማይታዩ ጉድጓዶች ይቀረጻሉ፤ ጥልቁ ብዙ ቀለም ይዞ ጠቆር ያለ፣ ጎድጓዳነቱ ያነሰው ደግሞ ፈዘዝ ያለ ምልክት ይተዋል። ንድፉ ከቴምብሩ ብዙ እጥፍ አድጎ ይሣልና በፎቶ ይቀነሳል። ስለዚህ ዝርዝር የሚወድ ሠዓሊ ቴምብር ላይ ይከስራል፤ ያን ያህል የደከመበት ሁሉ በቅነሳው ይጠፋበታልና። ክሬሞና ይህን ገና ከጅምሩ የገባው ይመስላል። ሰፋፊ የቀለም ገጽታዎች፣ የብርና የወርቅ ቀለም፣ ከሰው ፊት ይልቅ ምልክት ይመርጣል። በ1968 ለገና በዓል ያወጣቸው ቴምብሮች ጭራሽ ቅርጻቸው እንኳ አራት ማዕዘኑ የተስተካከለ አልነበረም፤ አንዱ ጎን ከሌላው ጠበብ ያለ ነበር። ማተሚያ ቤቱ የሰጠውን ዘዴ ተገዝቶለት ሳይሆን ዘዴው ምን እንደሚችል ጠይቆ የሠራ ሰው ነው።

ከሁሉ ይልቅ ልዘገይበት የምወደው መስከረም 21 ቀን 1964 በነፃነት ቀን የወጣው ተከታታይ ነው። ስድስት ዋጋዎች፣ ሦስት ንድፎች። በሦስቱም ላይ ርግብ አለች። አንዷ ከእንግሊዝ ዘውድ፣ ሁለተኛዋ ከሮማው ርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳት አክሊል፣ ሦስተኛዋ ከተባበሩት መንግሥታት ዓርማ ጋር ተቀምጣለች። ርግቧ፣ እውነቱን ለመናገር፣ የተለመደች ርግብ ናት፤ የዚያ ዘመን ዲፕሎማሲ ያሰለቻት። ቁም ነገሩ አጠገቧ ያለው ነው። የ1964ቱ ሕገ መንግሥት ኤልሳቤጥን የማልታ ንግሥት አድርጎ አስቀረ፤ የካቶሊክ እምነትንም የአገሪቱ ሃይማኖት አለ። ዘውዱና አክሊሉ እንግዲህ ጌጥ አይደሉም፤ የሕጉ አንቀጾች ናቸው። ሦስተኛው ግን ከእውነት ይልቅ ተስፋ ነበር፤ ማልታ ለተባበሩት መንግሥታት አባልነት የበቃችው ከሁለት ወር በኋላ፣ ታኅሣሥ 1 ቀን ነውና።

የአክሊሉን ክብደት ለመረዳት ከነፃነቱ በፊት የነበሩትን ዓመታት ማስታወስ ያስፈልጋል። በ1961 ቤተ ክርስቲያን የሌበር ፓርቲን አመራር ከምሥጢራት አግዳ ነበር፤ በውግዘቱ ሥር ሆነው የሞቱ ሰዎች ባልተባረከ መሬት ተቀብረዋል። የፓርቲው መሪ ዶም ሚንቶፍ ከቤተ ክርስቲያን መብት ጋር በተያያዘ የሕገ መንግሥቱን ረቂቅ ይቃወም ነበር፤ ነፃነቱን የተደራደረው የጆርጅ ቦርግ ኦሊቪዬ መንግሥት ግን ረቂቁን በግንቦት 1964 በሕዝብ ውሳኔ አጽድቆ ወጣ። እርቁ የመጣው በ1969 ነው። በዚህ መሀል የርዕሰ ሊቃነ ጳጳሳቱን አክሊል በነፃነት ቴምብር ላይ ማኖር የአንድን ወገን ቃል በአገር ስም መናገር ነበር። የሌበር ደጋፊ የሆነ የመርከብ ጥገና ሠራተኛ ለወንድሙ ወደ አውስትራሊያ ደብዳቤ ሲልክ መሪዎቹ የተወገዙበትን ምልክት ልሶ እንዲለጥፍ ሊገደድ ይችል ነበር። ሠዓሊው ይህን አላወቀም ብሎ ማሰብ ይከብዳል፤ ብዙ ሥራውን የሰጠችው ቤተ ክርስቲያን ናት።

ታዲያ ይህ ራሱ ቴምብርን ከሥነ ጥበብ ያወጣዋል የሚሉ ይኖራሉ፦ የታዘዘ ሥራ ነው፣ ርዕሱን የሚመርጠው መንግሥት ነው፣ ሠዓሊው ፕሮፓጋንዳ ይሥላል። ትእዛዙን አልክድም። ግን የጣሪያ ሥዕልም የታዘዘ ነው፤ ለዚያ ማንም ክሬሞናን አይወቅስም። ደግሞስ የትእዛዝ ሥራ ለታሪክ ምስክርነት የማይበቃ ከሆነ ማን ይበቃል? በጥር 1965 የወጣውን መደበኛ ተከታታይ እንይ። ቴምብሮቹ የማልታን ታሪክ ከዋጋቸው ጋር ያሳድጉታል፤ በግማሽ ፔኒ የጥንቱ የድንጋይ ዘመን፣ ከዚያ ፊንቃውያንና ሮማውያን፣ ክርስትና፣ የዓረቦች ዘመን፣ ኖርማኖች፣ የቅዱስ ዮሐንስ ፈረሰኞች፣ በ6 ፔኒ የፈረንሳይ ወረራ፣ በ8 ፔኒ የእንግሊዝ አገዛዝ፣ እያለ ይወጣል። የዓረቦች ዘመን ለብቻው በ2 ፔኒ ተኩል መቀመጡ ተራ ነገር አይደለም፤ ሕዝቡ የሚናገረው ቋንቋ ከዓረብኛ የወጣ ሆኖ ሳለ ብዙ የደሴቲቱ ጸሐፊዎች ያንን ዘመን በችኮላ ማለፍ ይወዱ ነበር። ወደ ላይ ስንወጣ ግን ግራ የሚያጋባ ነገር እናገኛለን። ነፃነት በ3 ሺሊንግ ተቀምጣ ከእሷ በላይ፣ በ5 ሺሊንግ፣ የናቶ የሜድትራንያን ጦር ዋና መምሪያ ቆሟል። የታዘዘው ሰው ትእዛዙን ያን ያህል በትክክል ስለፈጸመ የመንግሥቱ ሐሳብ ተጋልጧል፤ አገሪቱ ያን ጊዜ ጥበቃዋንም ገቢዋንም ከውጭ ጦር ጋር አስተሳስራ ነበር።

ከባዱ ተቃውሞ ከሥነ ሥዕል በኩል የሚመጣው ነው። ክሬሞና በ1958 ማልታን ወክለው በቬኒስ ቢየናሌ ካሳዩት ሠዓሊዎች አንዱ ነበር፤ ቀለሙን በወፍራሙ እየከመረ፣ ኋላም መስተዋት እየሰበረ የሠራቸው ረቂቅ ሥራዎች በእርግጥ ከቴምብሮቹ ይልቅ ደፋር ናቸው። ይህን እቀበላለሁ። የማልቀበለው ቴምብሩ የደፋሩ ሥራ የተበረዘ ቅጂ ነው የሚለውን ነው። መስተዋቱን ያየው ወደ ኤግዚቢሽን የሄደ ጥቂት ሰው ነው፤ በቤተ ክርስቲያኑ ጣሪያ ላይ ደግሞ ቅዱሳኑ ምእመን እንዲያውቃቸው ሆነው መሣል ነበረባቸው። ከሦስቱ መካከል፣ ማንም ሳይጋብዘው ወደ እያንዳንዱ ቤት የገባ ዘመናዊ ሥዕል ቴምብሩ ብቻ ነበር። በቤቱ ግድግዳ ረቂቅ ሥዕል የማይሰቅል ሰው ጠፍጣፋ ቀለምንና ፊት የሌለውን ምስል በፖስታው ላይ ያለ ክርክር ተቀበለ። በ1964 ብሩሴሎሲስን ለመዋጋት በተደረገው ጉባኤ ምክንያት ከወጡት ቴምብሮች በአንዱ ላይ ፍየል የላቦራቶሪ ዕቃ አጠገብ ቆማለች፤ ማልታዊው ቴሚስቶክለስ ዛሚት በ1905 በሽታው በፍየል ወተት እንደሚተላለፍ ካረጋገጠ ወዲህ የመጣ ታሪክ ነው። እንዲህ ያለውን ርዕስ በቤተ ክርስቲያን ጣሪያ የሚያስል የለም።

ሚንቶፍ በ1971 ሥልጣን ሲይዝ ናቶ ደሴቲቱን ለቆ ወጣ፤ በ1972 ገንዘቡ ከሺሊንግና ከፔኒ ወደ ሳንቲምና ወደ ሚል ተቀየረ። ስለዚህ በ1973 አዲስ መደበኛ ተከታታይ አስፈለገ፤ ነዳፊውም እንደገና ክሬሞና ሆነ። ያው እጅ፣ ያው ጠፍጣፋ ቀለም፤ ይዘቱ ግን ሌላ ነው። በ1965 አብዛኛውን ተከታታይ የያዘው ታሪክ አሁን በአንድ ርዕስ ተጠቃሎ ቦታውን ለዓሣ አጥማጆች፣ ለእርሻ፣ ለፋብሪካ፣ ለስፖርትና ለጀልባ ውድድር ለቀቀ። አክሊልና ዘውድ ከሣለ በኋላ ለሌበር መንግሥት መረብና ማረሻ መሣሉን እንደ አቋም ማጣት የሚቆጥርበት አይጠፋም። እኔ ግን ለታሪክ ጸሐፊ ከዚህ የተሻለ ዕድል አላውቅም። ሁለቱን መንግሥታት ሁለት ሠዓሊዎች ቢያገለግሏቸው ኖሮ ልዩነቱ የሠዓሊዎቹ ይሁን የመንግሥታቱ ለመለየት ያዳግት ነበር፤ እጁ አንድ በመሆኑ ግን ከሁለቱ ተከታታዮች መካከል የተቀየረው ሁሉ የማልታ ነው።